«ባህል አታበላሹ» ለምትሉ

ባለፈው ዓመት በዚሁ በአቃቂ ቃሊቲ በተዘጋጀ አንድ የኪነ ጥበብ ምሽት ላይ አንድ ወጣት ዋሽንቱን ይዞ መድረክ ወጣ። ከፋብሪካ አጥር ሥር የቀዳውን የማሽን ድምፅ በላፕቶፑ ከፈተና አብሮት መንፋት ጀመረ። ገና ሦስት ደቂቃ ሳይሞላው ከፊት ከተቀመጡት ታላላቆቻችን አንዱ ተነሥተው «ልጄ፣ ባህላችንን አታበላሽብን፤ የአባቶችህን እንደ አባቶችህ ተጫወት» አሉት። ጭብጨባው ለእሳቸው ሆነ። ወጣቱ ላፕቶፑን ዘግቶ ወረደ። ቀን በባንክ መስኮት ብር የምቆጥር፣ ማታ ግጥም የምሞክር እኔም አላጨበጨብሁም፤ ግን ዝም አልሁ። ይህ ጽሑፍ የዚያ ዝምታዬ ካሣ ይሁንልኝ።

ከወጣቱ ቀጥሎ ክራር፣ ማሲንቆ፣ ዋሽንትና ከበሮ ያሰለፈ የባህል ቡድን ወጣ። አዳራሹ «የእኛ ይህ ነው!» አለ። እስቲ ልጠይቅ፤ ይህ አሰላለፍ ከየትኛው አባት የተወረሰ ነው?

በገና የጸሎትና የተመስጦ፣ ዋሽንት የእረኛ፣ ማሲንቆ የአዝማሪ፣ እምቢልታ የክብር ሥነ ሥርዓት መሣሪያ ነበር። አንዳንዶቹ አልፎ አልፎ አብረው መጫወታቸው አይካድም፤ የሀገር ፍቅር ቴያትር ድካምም አይዘነጋም። የየአካባቢውን መሣሪያ በአንድ ኦርኬስትራ አስቀምጦ፣ ለዚያው ኅብረት በተደረሰ ሙዚቃ ማጫወት ግን በ1963 (እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው፤ ከዚህ በታች ያሉትም እንዲሁ) በአዲስ አበባ የተደረገ ሙከራ ነው። ኦርኬስትራ ኢትዮጵያ ይባላል። መሥራቹም የባህል ዘበኛ አልነበረም፤ ከዘመኑ አፈንጋጭ የሙዚቃ ደራሲያን አንዱ የሆነው ግብጻዊው ሃሊም ኤል-ዳብህ ነው።

ሃሊም በ1921 በካይሮ ተወለደ፤ የተማረው ግብርና ነበር። በ1944 ድምፅን በሽቦ ላይ የሚቀዳ ከባድ መሣሪያ ከሬዲዮ ጣቢያ ተውሶ የዛር ሥርዓት ቀዳ። ከዚያም ስቱዲዮ ገብቶ የሴቶቹን ዜማ ዋና ቃና እየገፈፈ፣ ማስተጋቢያውን እያጎላ፣ ቀድሞ ያልነበረ ሌላ ድምፅ አወጣ። ፈረንሳዊው ፒየር ሼፈር ዓለም ያወቀለትን ተመሳሳይ ሙከራ በፓሪስ ያሰማው ከአራት ዓመት በኋላ፣ በ1948 ነው። አንባቢ ልብ ይበል! የዚህ አዲስ ሙዚቃ ጥሬ ዕቃ ዛር ነው፤ የዛርን ምንጭ ደግሞ ብዙ ተመራማሪዎች ከኢትዮጵያ ይመዙታል። እኛ «ኋላ ቀር» ብለን የምናፍርበትን ሥርዓት እሱ በጆሮው አከበረው።

ወደ አዲስ አበባ የመጣው በኒው ዮርክ ለማርታ ግርሃም የዳንስ ተውኔት ሙዚቃ ደርሶ፣ በኤሌክትሮኒክ ሙዚቃም ስም ካተረፈ በኋላ ነው። በቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዩኒቨርሲቲ እያስተማረ የሀገሬውን ሙዚቀኞች አዳመጠ፤ ካዳመጠ በኋላ አሰባሰበ። «ባዕድ ነው» የሚል ቢኖር፣ ኦርኬስትራውን በኋላ የመራው፣ ድርሰቱንም ያበዛለት የእኛው ተስፋዬ ለማ ነው። የሙከራው ፍሬ ኋላ ባህል ተባለ። ሃሊም በ2017 በ96 ዓመቱ በአሜሪካ ሲያርፍ ግን፣ በየመድረኩ ክራርና ዋሽንት አሰልፈን ከምናጨበጭበው መካከል ስሙን ያነሣ ስንት ነበር?

ነገሩ የሙዚቀኞች ብቻ አይደለም። ዛሬ «የጸጋዬ ቤት» ብለን የምናስተምረው የግጥም ምጣኔ በአንድ ገጣሚ ድፍረት የመጣ ነው። ያን ጊዜ የጸጋዬ ገብረ መድኅን አፍ በጭብጨባ ተዘግቶ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ምኑን እንጠብቅ ነበር?

ሙከራ ሁሉ ጥበብ ነው አልልም። የዚያ ወጣት ሥራ እንከን ነበረበት፤ በሁለተኛው ደቂቃ ማሽኑ ዋሽንቱን ዋጠው። ይህን ብትነግሩት ሂስ ነው፤ ይማርበታል። «ባህል አበላሸህ» ማለት ግን ሂስ አይደለም፤ በር መዝጋት ነው። ለማያውቁት ነገር ዘበኛ መቆም ደግሞ ከሁሉ ይከፋል፤ የሚጠብቁትን ነገር ዕድሜ እንኳ አለማወቅ ነውና።

እረኛ በሜዳው ነፋስና በከብቱ ድምፅ መካከል ዋሽንቱን ነፋ። የአቃቂ ልጅ ጎሕ ሲቀድ የሚሰማው የፋብሪካ ጉርምርምታና የከባድ መኪና ጩኸት ነው። በሰማው ድምፅ መካከል ቢነፋ አባቶቹን ከዳ? እኔስ የአባቶቹን ፈለግ ተከተለ እላለሁ።

ታላላቆቻችን፣ በሚቀጥለው ምሽት እስኪጨርስ እንስማው፤ ከዚያ በኋላ እንገሥጸው። አንተም ወንድሜ፣ ላፕቶፕህን መልሰህ ክፈት። የማሽኑን ድምፅ ብቻ ቀነስ አድርገው።