ዶፓሚን ምን በወጣው?

የዘንድሮ ሰው ደስ አይለውም፤ «ዶፓሚን ይለቅበታል»። አይደብረውም፤ «ዶፓሚኑ ያልቃል»። ቲክቶክ ላይ ሌሊቱን ያነጋ ልጅ «ሱስ ያዘኝ» ማለት ትቶ «ዶፓሚኔ ተበላሸ» ይላል። ጂም የሚሄደው ለዶፓሚን ነው፤ ማኪያቶ የሚያዘው ለዶፓሚን ነው፤ ፍቅር የያዘው በዶፓሚን ነው፤ የተለያዩትም ዶፓሚኑ ስላለቀ ነው። ድሮ ሰው ሲያጠፋ «ሰይጣን አሳሳተኝ» ይል ነበር። ሰይጣን ጡረታ ወጥቶ ወንበሩን ለዶፓሚን ያስረከበ ይመስላል።

አነቃቂ ተናጋሪዎቻችን ደግሞ ቃሉን «የደስታ ሆርሞን» ብለው ተረጎሙልን። ትርጉሙ ሳይበቃ መድኃኒቱንም ይዘው መጡ፤ «ዶፓሚን ዲቶክስ»፣ «የዶፓሚን ጾም»፣ «አእምሮህን በሰባት ቀን ሪሴት አድርግ»። የሥልጠናው ዋጋ ለብቻው ነው።

እኔ የምለው አንድ ነገር ነው። ዶፓሚን ደስታ አይደለም። ሆኖም አያውቅም። ስሕተቱ የቡና ላይ ወሬ ሆኖ ቢቀር ኖሮ ዝም ባልኩ ነበር። ግን በዚህ ቃል ምክንያት የሚጎዱ ሰዎች አሉ፤ በዚህ ቃል ከለላ ከተጠያቂነት የሚያመልጡም አሉ። ስለዚህ ዝም አልልም።

መጀመሪያ ጥንቸሎቹ

(ዓመቶቹን በሙሉ እንደ ፈረንጆቹ አቆጣጠር አንብቡልኝ።)

ዶፓሚን ለመጀመሪያ ጊዜ በቤተ ሙከራ የተሠራው በ1910 ለንደን ውስጥ ነው። ከዚያ በኋላ ለአሥርት ዓመታት ከቁም ነገር የቆጠረው አልነበረም። ሰውነት ኖርአድሬናሊን የሚባለውን ሌላ ኬሚካል ሲሠራ በመሐል የሚያልፍበት ጥሬ ዕቃ ነው ተብሎ ነበር የሚታሰበው።

በ1957 ስዊድናዊው አርቪድ ካርልሰን ሬሰርፒን የሚባል መድኃኒት ለጥንቸሎች ሰጠ። መድኃኒቱ እንደ ዶፓሚን ያሉትን የአንጎል ኬሚካሎች ያራቁታል። ጥንቸሎቹ ምን ሆኑ? ድርቅ አሉ። ጆሯቸውን ጥለው፣ መላወስ አቅቷቸው ባሉበት ቀሩ። ከዚያ ኤል-ዶፓ የተባለውን፣ አንጎል ወደ ዶፓሚን የሚለውጠውን ንጥረ ነገር ሲሰጣቸው ብዙም ሳይቆዩ ተነሥተው መንቀሳቀስ ጀመሩ። ካርልሰን ለዚህ ሥራው በ2000 የኖቤል ሽልማት ተጋርቷል። በ1960 ደግሞ ቪየና ውስጥ ኦሌ ሆርኒኪየቪች በፓርኪንሰን ሕመም የሞቱ ሰዎችን አንጎል መርምሮ፣ እንቅስቃሴን በሚመራው ክፍል ውስጥ ዶፓሚን ክፉኛ ጎድሎ አገኘው።

ዶፓሚን በሳይንስ ዓለም ስም ያወጣው እንግዲህ እጅና እግርን በማንቀሳቀስ ነው። «ሆርሞን» የሚለው ማዕረግም ቢሆን አብዛኛውን ሥራውን አይገልጽም። በአንጎል ውስጥ በዋናነት የሚሠራው ከአንዱ ነርቭ ሴል ወደ ሌላው መልእክት በማድረስ ነው። በትክክል ሆርሞን ሆኖ የሚሠራበት አንድ የታወቀ ቦታ አለ፤ እዚያ ያለው ሥራ ወተት እንዲመነጭ የሚያዝዘውን ፕሮላክቲን የተባለ ሆርሞን መግታት ነው። «የደስታ ሆርሞን» የምትሉት ይኸውላችሁ፤ ሆርሞን ሲሆን የጡት ወተት ይቆጣጠራል!

ሌላም ልጨምር። ዶፓሚን ሆስፒታል ውስጥ በመርፌ ይሰጣል። የደም ግፊቱ አደገኛ በሆነ መጠን ለወረደ የፅኑ ሕሙማን ክፍል ታካሚ በደም ሥሩ በጠብታ ይገባለታል። እዚያ ክፍል ውስጥ በደስታ የሚፈነጥዝ በሽተኛ የለም። በደም ሥር የገባ ዶፓሚን ከደም ወደ አንጎል የሚያሳልፈውን ኬላ መሻገር አይችልምና።

አምሮት ሌላ፣ እርካታ ሌላ

ታዲያ ይህ የደስታ ወሬ ከየት መጣ? ከአይጥ።

በ1954 ካናዳ፣ ሞንትሪያል በሚገኘው ማጊል ዩኒቨርሲቲ ጄምስ ኦልድስና ፒተር ሚልነር በአይጦች አንጎል ውስጥ ቀጭን ሽቦ ቀበሩ። አይጧ እጀታ ስትጫን ሽቦው አንጎሏን በኤሌክትሪክ ይነካካል። አይጦቹ እጀታውን ያለማቋረጥ ይጫኑት ጀመር። «የደስታ ማዕከል ተገኘ» ተባለ። በኋላ ያ መስመር ዶፓሚን የሚመላለስበት መሆኑ ሲታወቅ ዶፓሚን «የደስታ ኬሚካል» የሚለውን ስም ወረሰ።

ሆኖም አንድ ጥያቄ ተዘልሎ ነበር። አይጧ እጀታውን የምትጫነው ስለጣማት ነው ወይስ ማቆም ስላቃታት?

ይህንን ጥያቄ የያዘው የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲው ኬንት ቤሪጅ ነው። አይጥ ጣፋጭ ስትቀምስ ልክ እንደ ሕፃን ልጅ ከንፈሯን ትልሳለች፤ መራራ ሲሆንባት አፏን ከፍታ ታንገሸግሻለች። ቤሪጅና ባልደረቦቹ በአይጦች አንጎል ውስጥ ያለውን ዶፓሚን ከሞላ ጎደል አጠፉት። አይጦቹ ምግብ ከፊታቸው ተቀምጦ መብላት አቆሙ፤ ካልተመገቡ በረሃብ የሚሞቱ ሆኑ። ነገር ግን ስኳር አፋቸው ውስጥ ጠብ ሲደረግላቸው እንደ ቀድሞው ከንፈራቸውን ላሱ። ጣዕሙ ከነሙሉ ክብሩ አለ። የሌለው ተነሥቶ ወደ ምግቡ የሚያስኬደው ነገር ነው።

ቤሪጅ ይህንን «መፈለግ» እና «መውደድ» ብሎ ለያቸው። ፈረንጆቹ ልዩነቱን ለማስረዳት ቃላቱን በትምህርተ ጥቅስ ማጠር ነበረባቸው። እኛ ግን ቃሉ ከእናታችን ጓዳ አለን፤ አምሮትና እርካታ። ያማረው ሰው ገና አልበላም። የረካ ሰው አምሮቱ ወጥቶለታል። ዶፓሚን ከእነዚህ ሁለቱ የሚቀርበው ለአምሮት ነው።

የበለጠ ግልጽ እንዲሆን ጫት ቤት እንግባ። ጫት ውስጥ ዋናው አነቃቂ ንጥረ ነገር ካቲኖን ይባላል፤ በ1975 በተባበሩት መንግሥታት ቤተ ሙከራ ተለይቶ የታወቀ ነው። አሠራሩ አምፌታሚን ከሚባለው ዕፅ ጋር ይመሳሰላል፤ ነርቭ ሴሎች ዶፓሚን እንዲለቁ ይገፋል። የቃሚ ቋንቋ ደግሞ ሁለት ነገር ይለያል፤ ምርቃና እና ሀራራ። ሃያ ዓመት የቃመ ሰው ጠይቁ። ምርቃናው እንደ ድሮው እንዳልሆነ በምሬት ይነግራችኋል። ሰባት ሰዓት ሲል ግን ሀራራው ሰዓቱን አክብሮ ይመጣል፤ ያዛጋል፣ ይነጫነጫል፣ እግሩ ወደ ጫት ተራ ይመራዋል። ዶፓሚን ደስታ ቢሆን ኖሮ ምርቃናው ሲደክም ሀራራውም አብሮ በደከመ ነበር። ሀራራ ማለት ዶፓሚን ብቻ ነው እያልኩ አይደለም፤ የቃሚው መዝገበ ቃላት ከአነቃቂ ተናጋሪው ይልቅ ለሳይንሱ ይቀርባል እያልኩ ነው።

ሌላ ማስረጃ። ለፓርኪንሰን ታካሚዎች ከሚሰጡ መድኃኒቶች መካከል የዶፓሚንን ቦታ ተክተው የሚሠሩ እንደ ፕራሚፔክሶል ያሉ አሉ። ከሚወስዷቸው ሰዎች ጥቂቶቹ በዕድሜያቸው ቁማር ነክተው የማያውቁ ሆነው ሳለ ድንገት ቁማርተኛ ይሆናሉ። መድኃኒቱ ሲቀነስ ወይም ሲቆም ብዙዎቹ ይተዉታል። እነዚህ ሰዎች ደስታቸው አልበዛም፤ ያቃታቸው ማቆም ነው። ቤቲንግ ቤት ደጃፍ የሚውል ጓደኛ ያለው ሰው ይህንን ለመረዳት አይቸገርም።

የሒሳብ ሹሙ

አምሮት ብቻም አይደለም። ስዊዘርላንድ ውስጥ ቮልፍራም ሹልትዝ የዝንጀሮዎችን ዶፓሚን አመንጪ ሴሎች ሲከታተል አንድ አስገራሚ ነገር አየ። ዝንጀሮው ሳይጠብቅ ጭማቂ ሲያገኝ ሴሎቹ ይንጫጫሉ። መብራት ከበራ በኋላ ጭማቂ እንደሚመጣ ሲለምድ ግን ሴሎቹ የሚንጫጩት ለመብራቱ ይሆናል፤ ጭማቂው ራሱ ሲመጣ ደንታም የላቸው። መብራቱ በርቶ ጭማቂው ከቀረ ደግሞ ሊመጣ በነበረበት ቅጽበት ጸጥ ይላሉ። በ1997 ሹልትዝ ከፒተር ዳያንና ከሪድ ሞንታግ ጋር ባሳተመው ጽሑፍ ነገሩ እንዲህ ተጠቃለለ፤ ሴሎቹ የሚያሰሉት በጠበቅነውና ባገኘነው መካከል ያለውን ልዩነት ነው።

ደመወዝና የተረሳ መቶ ብር አስቡ። ደመወዝ በወሩ መጨረሻ በሰዓቱ ሲገባ «እሺ» ብለን እናልፋለን። ከጃኬት ኪስ የተረሳ መቶ ብር ስናገኝ ግን እንዘላለን። ደመወዙ ሳይገባ ሲያድርማ አታንሱት። ዶፓሚን ሒሳብ የሚያወራርድ ሹም ነው፤ «ከጠበቅኸው በለጠ፣ ይህንን መንገድ ያዝ» ወይም «ጎደለ፣ ተወው» እያለ ያስተምራል።

ጾሙን ለጿሚው ተዉለት

«የዶፓሚን ጾም» በ2019 ዓለምን ያዳረሰው ከካሊፎርኒያ ተነሥቶ ነው። ስሙን ያስተዋወቀው ካሜሮን ሴፓ የተባለ የሥነ ልቦና ባለሙያ ራሱ ስሙ ቃል በቃል እንዳይወሰድ ተናግሯል፤ ሐሳቡ መጥፎ ልማድን መቀነስ ነበር። የእኛዎቹ ግን ስሙን ይዘው ማስጠንቀቂያውን ኤርፖርት ጥለውት ገቡ።

ዶፓሚን ሮቶ ውስጥ የሚጠራቀም ውሃ አይደለም፤ ሲጠቀሙበት አልቆ፣ ቧንቧውን ሲዘጉት የሚሞላ። ሴሎቹ ስንተኛም ስንነቃም አይቋረጡም። ዶፓሚንን ከልቡ የጾመ ሰው ቢኖር መጨረሻው የካርልሰን ጥንቸል ነው።

በአደንዛዥ ዕፅ ሱስ ለረጅም ጊዜ በቆዩ ሰዎች አንጎል ውስጥ የዶፓሚን ተቀባዮች ቀንሰው መታየታቸው እውነት ነው፤ አልክድም። ከዚያ ተነሥቶ «ሰባት ቀን ስልክህን ዝጋ፣ ተቀባዮችህ ይታደሳሉ» ማለት ግን ከአዲስ አበባ ተነሥቶ በአንድ እርምጃ ሐዋሳ መግባት ነው። ስልክ ቀንሱ፤ በጣም ጥሩ ነው፤ እንቅልፍ ታገኛላችሁ፣ ከሰው ጋር ታወራላችሁ። ለዚህ የአንጎል ኬሚስትሪ ምስክር መጥራት አያስፈልግም። ሑዳዴንም ረመዳንንም «ዶፓሚን ሪሴት ስለሚያደርግ» ብላችሁ አታስተዋውቁልን። ጾም የራሱ ምክንያት አለው፤ ከካሊፎርኒያ ፈቃድ አያወጣም።

ማን ተጎዳ?

አንደኛ፣ ድባቴ የያዘው ልጅ። ከአልጋ መነሣት አቅቶት ሳምንታት ያለፉትን ሰው «ዶፓሚንህን አቃጥለኸው ነው፤ ስልክህን አጥፋና ቀዝቃዛ ሻወር ውሰድ» ይሉታል። ድባቴን በአንድ ኬሚካል ማለቅ የሚያስረዳ ሳይንስ የለም። ምክሩ ሕመሙ ላይ ጥፋተኝነትን ይደርብበታል፤ ሐኪም ዘንድ የሚሄድበትንም ቀን ያዘገይበታል።

ሁለተኛ፣ ዶፓሚን በእውነት የጎደለባቸው። እጃቸው እየተንቀጠቀጠ ስኒ ማንሣት የተሳናቸው፣ ፊታቸው የደረቀ፣ እርምጃቸው የተሳሰረ አባትና እናቶች። «እርጅና ነው» ተብለው ቤት የሚቀመጡ አሉ። ሌቮዶፓ የሚባለው መድኃኒታቸው ከካርቢዶፓ ጋር በዓለም ጤና ድርጅት የመሠረታዊ መድኃኒቶች ዝርዝር ውስጥ አለ። ስለ ዶፓሚን ይህን ሁሉ ቪዲዮ ያየ ትውልድ፣ የገዛ አያቱ ሲንቀጠቀጡ ቃሉ ትዝ የማይለው ከሆነ ምን ዋጋ አለው?

ሦስተኛ፣ ድምፅ የሚሰማቸውና ሌላ የሥነ አእምሮ ሕመም ያለባቸው ታካሚዎች። ክሎርፕሮማዚንና ሃሎፔሪዶል የሚሠሩት የዶፓሚን ተቀባይን በመዝጋት ነው። «ዶፓሚን ደስታ ነው» ብሎ ላመነ ቤተሰብ፣ ሐኪሙ የልጁን ደስታ የሚዘጋ ይመስለዋል። መድረቅና መንቀጥቀጥ ሲያይ ደግሞ ክኒኑን በገዛ ፈቃዱ ያስጥላል። ያ መድረቅ ለሐኪም የሚነገርና ብዙ ጊዜ የሚስተካከል የመድኃኒቱ ጎንዮሽ ጉዳት ነው። ክኒኑን በድንገት መጣል ግን ሕመሙን መልሶ ይጠራዋል።

አራተኛውና ከሁሉ የሚያናድደኝ ግን ሁላችንንም የሚነካው ነው። «ዶፓሚን» ስንል ጥፋቱን ሁሉ ወደ ራስ ቅላችን ውስጥ እናስገባዋለን። መጨረሻ የሌለው ቪዲዮ ሆን ብሎ የነደፈ ኩባንያ አለ፤ ዶፓሚን ስንል ከወንጀሉ ቦታ ይሰወራል። ተመርቆ ሦስት ዓመት ቤት የተቀመጠ ልጅ ተነሣሽነት ሲያጣ «ዶፓሚንህ ወርዷል» እንለዋለን። ወዳጄ፣ እሱ የጎደለው ዶፓሚን አይደለም፤ ሥራ ነው። የሹልትዝ ዝንጀሮ እንኳ ጭማቂው በቀረበት ቁጥር መብራቱን ማመን ይተዋል። ስንት መብራት በርቶልን ስንት ጭማቂ ቀረብን?

ስለዚህ ቃሉን ለባለሙያዎቹና ለታካሚዎቹ እንመልስላቸው። ሲያምረን «አማረኝ» እንበል። ሀራራ ሲሆን «ሀራራ»፣ ሲሰለቸን «ሰለቸኝ»፣ ሲከፋን «ከፋኝ» እንበል። «ከፋኝ» ያለ ሰው ቢያንስ «ምነው? ምን ሆንክ?» ብሎ የሚጠይቀው ያገኛል። «ዶፓሚኔ ወረደ» ያለ ሰው የሚያገኘው የሥልጠና ማስታወቂያ ነው።