ምርጫም ዕቃ ዕቃ ይፈልጋል

ልጆች ቤት ማስተዳደርን በዕቃ ዕቃ ይለማመዳሉ። ደንብ ማክበርንና መሸነፍን ደግሞ በብይና በጨርቅ ኳስ። ምርጫን ግን ማንም አላጫወተንም። 18 ዓመት ሲሞላን «በሉ ምረጡ!» ተባልን። ልምምድ የለ፣ በቀጥታ ዋናው ግጥሚያ!

«ሲቪክስ ተምራችሁ የለ እንዴ?» የሚል አይጠፋም። አዎ፣ ተምረናል። «ዴሞክራሲያዊ ሥርዓትን መገንባት» ብለው የሚጀምሩትን እነዚያኑ 11 ምዕራፎች በየዓመቱ ተምረናል። ሸምድደን፣ «እውነት ወይም ሐሰት» ሠርተን፣ ኤ አግኝተናል። የክፍል አለቃችንን ግን መምህሩ በጣቱ ጠቁሞ ሾመልን። መጽሐፉ ሌላ፣ ክፍሉ ሌላ። ልጅ ደግሞ የሚያምነው ያየውን ነው።

ከክፍል ውጪ ያየነውም አያጽናናም። የ1997 ዓ.ም. ምርጫ ውዝግብ በደም ተቋጨ። በ2002 ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547 መቀመጫ 545ቱን ወሰዱ፤ በ2007 የቀሩትን ሁለቱንም ጨምረው ጠቀለሉት። ተሸንፎ በሰላም ወደ ቤት መግባትን ከየት እንማር?

ስለዚህ እንጫወት እንላለን። አሜሪካ ውስጥ የቀድሞዋ የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ ሳንድራ ዴይ ኦኮነር እ.ኤ.አ. በ2009 የመሠረቱት አይሲቪክስ፣ ተማሪውን ዕጩ ፕሬዚዳንት አድርጎ የምርጫ ዘመቻ የሚያስመራ የኮምፒውተር ጨዋታ አለው። እኛ ግን ኮምፒውተር እስኪመጣ መጠበቅ የለብንም። የጫማ ካርቶንና የደብተር ወረቀት ይበቃናል።

40 ተማሪዎች የሽርሽር ቦታ ይምረጡ እንበል። ላንጋኖ 15፣ ወንጪ 13፣ ደብረ ሊባኖስ 12 ድምፅ አገኙ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 54 ለፓርላማ ባስቀመጠው የአብላጫ ድምፅ ደንብ ከሄድን ላንጋኖ አሸነፈ፤ 25 ልጆች ግን አልመረጡትም። አሁን ሁለቱ መሪዎች እንደገና ይወዳደሩ። የደብረ ሊባኖስ ደጋፊዎች በሙሉ ወደ ወንጪ ከዞሩ፣ ወንጪ 25 ለ15 ይረታል። ልጆቹ ያው፣ ፍላጎታቸውም ያው፤ ደንቡ ሲቀየር አሸናፊው ተቀየረ። ይህን በዓይኑ ያየ ልጅ ነገ «የምርጫ ሥርዓት» ሲባል አያዛጋም። ታዛቢም ይቀመጥ፣ ኮሮጆው ባዶ መሆኑ ይታይ፣ ቆጠራው በሁሉም ፊት ይሁን። የተሸነፈው «ይደገም» ካለ ይቆጠርለት።

«ምርጫ ቀልድ አይደለም፤ ፖለቲካን ትምህርት ቤት አታስገቡ» የሚሉን አሉ። ላንጋኖ የየትኛው ፓርቲ ዕጩ ነው? ፖለቲካ የሚገባው መምህሩ ማንን መምረጥ እንዳለብን ሲነግረን ነው። ጨዋታው የሚያሳየው እንዴት እንደሚመረጥ ብቻ ነው። ምርጫ ቀልድ የሚሆነውም ውጤቱ ቀድሞ ሲታወቅ ነው።

አንድ ነገር ግን አደራ፤ ውጤቱ ይከበር። ክፍሉ ወንጪን መርጦ ርዕሰ መምህሩ ላንጋኖ ከወሰደው፣ ጨዋታው ሌላ ትምህርት አስተምሯል። ያንን ትምህርት ደግሞ እኛ በነፃ ተምረነዋል።