አንድ «አለ» ለሦስት ግሦች

እስፓንኛ የምንማር ተማሪዎች መምህሩ «ይህ ግሥ አለ ማለት ነው» ሲለን ጽፈን ደብተራችንን እንዘጋለን። ስሕተታችን የሚጀምረው ከዚሁ ነው። የኛ «አለ» ብቻውን የሚሸከመውን ሥራ እስፓንኛ ለሦስት ግሦች አከፋፍሎታልና።

«ጠረጴዛው ላይ መጽሐፍ አለ» ለማለት ግሡ «አይ» ነው፤ መጽሐፉ አንድም ይሁን ብዙ አይለወጥም። «መጽሐፉ ጠረጴዛው ላይ አለ» ለማለት ግን «ኤስታ» ይሆናል፤ ለብዙ «ኤስታን»። «መጽሐፍ አለኝ» ደግሞ «ቴንጎ» ነው። የፊተኞቹን ሁለቱን የምትለይልን በ«መጽሐፉ» ጫፍ ያለችው «ኡ» ናት፤ ተለይቶ ለታወቀው ነገር «ኤስታ»፣ ላልታወቀው «አይ»።

«በልቻለሁ» ላይ ስንደርስ ብዙዎቻችን እንደገና «ቴንጎ» እንላለን። ያሳሳተን እንግሊዝኛ ነው፤ «ሀቭ» የተባለው ግሡ ለ«አለኝ»ም ለ«በልቻለሁ»ም ያገለግላልና። እስፓንኛ ግን «ኤ ኮሚዶ» ይላል። ይህ «ኤ» እና ያ «አይ» የአንዱ ግሥ የ«አቤር» ልጆች ናቸው። «አቤር» በጥንት ዘመን ሀብትንም ይገልጽ ነበር፤ ኋላ ግን ይህን ርስቱን «ቴኔር» ወሰደበት። እኛስ «በልቻለሁ» ስንል «በልቼ» ላይ «አለሁ»ን መቀጠላችን አይደለምን? በዚህስ አማርኛ ለ«አቤር» የቅርብ ዘመድ ነው።

ስለዚህ አንዱን የውጭ ቋንቋ በሌላው የውጭ ቋንቋ መነጽር ብቻ ማየት ይብቃን እንላለን። የራሱን «አለ» ያልመረመረ ተማሪ የሰውን «አለ» ከወዴት ያገኘዋል?