የሥነ ሥርዓት ስሕተትና የይግባኝ ዳኝነት

መጥሪያ ሳይደርሰው በሌለበት የተፈረደበት ነጋዴ ንብረቱ በአፈጻጸም ሊሸጥ ሲቀርብ፥ አስቀድሞ የሚከራከረው ስለ ዕዳው ልክ ሳይሆን ሳይሰማ ስለ መቅረቱ ነው። በኢትዮጵያ ለዚህ መፍትሔ የሚሰጠው በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ነው። በቁጥር 78 መሠረት ተከሳሹ ፍርዱን ባወቀ በአንድ ወር ውስጥ ለዚያው ፍርድ ቤት አመልክቶ፥ መጥሪያው በደንብ ያልደረሰው መሆኑን ካስረዳ ፍርዱ ይነሣለታል።

ይግባኝ ባይ ደግሞ ከፍርዱ በኋላ 60 ቀን አለው። ነገር ግን የበላዩ ፍርድ ቤት ስሕተት ባየ ቁጥር ፍርድ አይሽርም፤ ጉድለቱ የነገሩን ፍሬና የዳኝነቱን ሥልጣን የማይነካ እንደ ሆነ ፍርዱ ይጸናል። ዋናው ጭብጥ ሳይያዝ ወይም ሳይጣራ ቀርቶ እንደ ሆነ ግን፥ በቁጥር 343 መሠረት ጭብጡን ለይቶ ወደ ሥር ፍርድ ቤት ሊመልሰው ይችላል። በመዝገቡ ያለው ማስረጃ ሲበቃ ራሱ ቢወስን ይሻላል፤ መዝገብ በተመላለሰ ቁጥር ገንዘብ ይታሰራል፥ ምስክር ይርቃል፥ ኪሳራም ይጨምራል።

ስለዚህ መጥሪያ አድራሹ መቼና ለማን እንደ ሰጠ በጥንቃቄ ይጻፍ፤ ነጋዴውም መቃወሚያውን በጊዜው አቅርቦ በመዝገብ ያስፍር።