ተክል አይቆጥርም

በየዓመቱ አዲስ ገቢ ተማሪዎችን «ሒሳብ በተፈጥሮ ውስጥ የት ይታያል?» ብዬ ስጠይቅ፣ ከአዳራሹ የሚመለሰው መልስ አንድ ነው፤ 1.618። ወርቃማው ውድር በባሕር ዛጎል፣ በሰው ፊት፣ በጋላክሲም ሳይቀር እንዳለ ይነግሩኛል። ማን ለካው ስል ግን ዝምታ ይሰፍናል።

ናውቲለስ የተባለውን የባሕር እንስሳ እንውሰድ። በወርቃማው ውድር የሚያድግ ጠመዝማዛ በአንድ ሙሉ ዙር ወደ 6.85 እጥፍ መስፋት አለበት። የናውቲለስ ዛጎል የሚሰፋው 3 እጥፍ ገደማ ነው። ያ ሁሉ ፖስተር በአንድ ማስመሪያ ፈረሰ ማለት ነው!

አናናስ ግን ሌላ ነው። በቅርፊቱ ላይ ያሉትን ጠመዝማዛ ረድፎች ብትቆጥሩ አብዛኛውን ጊዜ በአንዱ አቅጣጫ 8፣ በሌላው 13 ታገኛላችሁ። (እኔ ገበያ መሐል ቆሜ ስቆጥር ሻጩ ዋጋ የምከራከር መስሎት ነበር።) ሁለቱም የፊቦናቺ ቁጥሮች ናቸው። በሱፍ አበባ ላይም 34 እና 55 የተለመዱ ናቸው።

ተክሉ ግን አይቆጥርም። እ.ኤ.አ. በ1992 ስቴፋን ዱዋዲና ኢቭ ኩደር የተባሉ የፊዚክስ ሊቃውንት አንዲት ሕዋስ እንኳ በሌለችበት ሙከራ ይህንኑ አሳዩ። ማግኔታዊ ፈሳሽን ዘይት በያዘ ሳህን መሐል ጠብ ጠብ ያደርጋሉ፤ ጠብታዎቹም እየተገፋፉ ወደ ዳር ይሸሻሉ። ጠብታው ሲዘገይ አዲሱ ከቀደመው በ180 ዲግሪ ተቃራኒ ይሄዳል። ሲፈጥን ግን ከቅርቡ ብቻ ሳይሆን ከዚያ በፊት ከወደቁትም መራቅ አለበትና፣ ማዕዘኑ ወደ 137.5 ዲግሪ ይጠጋል፤ የፊቦናቺ ጠመዝማዛዎችም ይወጣሉ። የተክል ቡቃያም የሚወጣው እንዲሁ ከቀደሙት ርቆ ነው። ለሦስተኛ ዲግሪዬ በውጭ አገር ሳለሁ ይህን ጥናት ሳነብ ተደነቅሁ፤ አፈርሁም። እኔም 1.618ን የማውቀው በቃል ነበርና።

እ.ኤ.አ. በ2016 የታተመ ጥናት 657 የሱፍ አበባዎችን መርምሮ አብዛኞቹ የፊቦናቺ ቁጥሮችን ሲያሳዩ፣ ጥቂት የማይባሉት ግን ከእነዚህ ቁጥሮች እንደወጡ አረጋግጧል። ለእኔ የሚበልጡት እነዚያ ያፈነገጡት ናቸው። ቁጥሩ ከላይ የተጻፈ ትእዛዝ ቢሆን ኖሮ ማፈንገጣቸው እንቆቅልሽ ይሆንብን ነበር፤ የመገፋፋት ውጤት ከሆነ ግን በእድገት ጊዜ የገጠመ ጥቂት መዛባት ሌላ ቁጥር ቢያመጣ አይገርምም።

ፈተናዎቻችን ግን ዛሬም «ስምንተኛው የፊቦናቺ ቁጥር ስንት ነው?» ይላሉ። በሚቀጥለው ሴሚስተር እኔ የምጠይቀው ሌላ ነው፤ ቁጥሩ ያልገጠመ አንድ አበባ ወይም አናናስ ቆጥሮ ለሚያመጣልኝ ሙሉ ነጥብ እሰጣለሁ።