ቆሼ ላይ የሚጠገን መኪና፦ ከኮሮላ ምን እንማር?

ስለ መኪና ሲነሣ በአገራችን ሁሉም ሰው ባለሙያ ነው። በመናኸሪያውም ሆነ በሻይ ቤቱ «እንደ ዲኤክስ ያለ መኪና ተሠርቶ አያውቅም» የሚለው ፍርድ ይግባኝ የሌለው ይመስላል። ይህ አባባል ከፊሉ እውነት፣ ከፊሉ ደግሞ ትዝታና ልማድ ነው። የሳይንስ ተማሪ ተግባር ሁለቱን መለየት ነውና በዚህ ጽሑፍ የቶዮታ ኮሮላን ትውልዶችና ሞተሮች ባጭሩ ከቃኘን በኋላ፣ ዛሬ በአገራችን መንገዶች ላይ ከሚታየው ለውጥ ጋር የተያያዘ አንድ አስተያየት ለማቅረብ እንሞክራለን።

የሰማንያ ነጥብ መርህ

የመጀመሪያው ኮሮላ እ.ኤ.አ. በ1966 ዓ.ም. በጃፓን ለገበያ ቀረበ። የንድፉ ዋና መሐንዲስ የነበሩት ታትሱኦ ሀሴጋዋ ቀድሞ የአውሮፕላን ንድፍ ባለሙያ ነበሩ። ሀሴጋዋ «ሰማንያ ነጥብ ሲደመር አልፋ» በሚባል መርህ ይታወቃሉ። ይኸውም አንድ የሕዝብ መኪና በምንም መመዘኛ ከመቶ ሰማንያ በታች ማግኘት የለበትም፤ በጥቂት ነገሮች ደግሞ ከዚያ በላይ ወጥቶ ገዢውን ማስደሰት አለበት የሚል ነው። በአንድ ትምህርት መቶ አምጥቶ በሌላው የሚወድቅ ተማሪ ክፍል እንደማያልፍ ሁሉ፣ ፈጣን ሆኖ ፍሬኑ የሚደክም መኪናም ለቤተሰብ አይሆንም።

የዚያን ጊዜው ኮሮላ ርዝመቱ 3845 ሚሊ ሜትር ነበር። ሞተሩ ከፊት ሆኖ የኋላ ጎማዎችን ያሽከረክራል፤ ከኋላ በባሌስትራ ላይ ያረፈ ሲሆን፣ የኮፈኑን ከፍታ ለመቀነስ ሲባል ሞተሩ 20 ዲግሪ ተጋድሞ ተገጥሟል። የሞተሩ መጠን 1077 ሲሲ ነው። ተቀናቃኙ የኒሳን ሰኒ 1000 ሲሲ ስለነበረ፣ ቶዮታ ተጨማሪዋን 100 ሲሲ ለማስታወቂያ በሚገባ ተጠቅሞባታል። ኮሮላ እ.ኤ.አ. በ1997 የቮልስዋገን ቢትልን የሽያጭ ክብረ ወሰን የሰበረ ሲሆን፣ በ2021 ደግሞ 50 ሚሊዮን መሙላቱ ተነግሯል።

ከ75 ሚሊ ሜትር ሲሊንደር የሚገኝ ትምህርት

«ኬ» በሚል ፊደል የሚጠሩት የጥንቶቹ የኮሮላ ሞተሮች ለፊዚክስ ተማሪ ጥሩ መልመጃ ናቸው። የመጀመሪያው ኬ ሞተር የሲሊንደሩ ወርድ 75 ሚሊ ሜትር፣ የፒስተኑ ምት 61 ሚሊ ሜትር ነበር። በ1970 በወጣው ሁለተኛ ትውልድ ውስጥም ያገለገለው 3ኬ ወርዱ ያው 75 ሆኖ ምቱ ወደ 66 ከፍ አለ። በ1979 በወጣው አራተኛ ትውልድ ውስጥ የምናገኘው 4ኬም ወርዱ ሳይለወጥ ምቱ 73 ሚሊ ሜትር ደረሰ። የሲሊንደርን ይዘት ማስላት የሚችል ተማሪ ውጤቱን በአራት ቢያባዛ 1077፣ 1166 እና 1290 ሲሲ ያገኛል።

ይህ ተራ ቁጥር አይደለም። የፋብሪካውን አስተሳሰብ ያሳያል። ሁሉን ነገር አፍርሶ እንደገና ከመሥራት ይልቅ፣ የሚሠራውን ይዞ አንድ ነገር ብቻ መለወጥ፣ ከዚያም ውጤቱን መለካት ማለት ነው። የአንዱን ትውልድ ሞተር የፈታ መካኒክ የሚቀጥለውን ሲከፍት እንግዳ የማይሆነው ለዚህ ነው።

ትልቁ ለውጥ የመጣው በ1983 በአምስተኛው ትውልድ ነው። በዚህ ጊዜ ሰዳኑ ኮሮላ የፊት ጎማዎቹን በሚያሽከረክር ሞተር መሥራት ጀመረ። ከካምቢዮ ወደ ኋላ የሚሄደው ረጅም ዘንግ በመቅረቱ መኪናው ቀለለ፤ የውስጥ ቦታውም ሰፋ። ከዚያ በኋላ በሲሊንደር አራት ቫልቭ ያላቸው ቴስታታዎችና ካርቡራተርን የተካው በኤሌክትሮኒክስ የሚመራ የነዳጅ መርጫ ተራ በተራ ገቡ። በ2000 የወጣው ዘጠነኛው ትውልድ ደግሞ በከተሞቻችን በብዛት የምናየውን 1ኤንዜድ-ኤፍኢ የተባለውን 1497 ሲሲ ሞተር ይዞ መጣ። የዚህ ሞተር ቫልቮች የሚከፈቱበት ጊዜ እንደ ፍጥነቱና እንደ ጭነቱ ይለዋወጣል። የሚገርመው፣ ከጥንቱ ኬ ጋር ዝምድና ባይኖረውም የዚህም ሲሊንደር ወርድ 75 ሚሊ ሜትር ነው።

የሁለቱን ብቃት እናወዳድር። የ1966ቱ ሞተር 60 የፈረስ ጉልበት ሲኖረው ቤንዚንና አየሩን ዘጠኝ እጥፍ ይጨምቃል። 1ኤንዜድ በጃፓን በወጣበት መልኩ 109 የፈረስ ጉልበት ሲኖረው 10.5 እጥፍ ይጨምቃል። በኦቶ ዑደት ቀመር መሠረት የጥንቱ ከፍተኛ ሐሳባዊ ብቃት 58 በመቶ፣ የአዲሱ ደግሞ 61 በመቶ ግድም ነው። በተግባር ሁለቱም ከዚህ እጅግ ያነሱ ናቸው። ጉልበቱን ለሲሲ ብናካፍለው ግን ልዩነቱ ጎልቶ ይታያል፤ በአንድ ሊትር የሞተር መጠን የጥንቱ 56፣ የአዲሱ 73 ያህል የፈረስ ጉልበት ይሰጣል። በዚያ ላይ የጥንቱ ጉልበት የተለካው ሞተሩ ማርሚታንና ሌሎች ጭነቶችን ሳይሸከም በነበረው አሠራር በመሆኑ እውነተኛው ልዩነት ከዚህም ይሰፋል።

ከፍታና ካርቡራተር

አሁን «እንደ ዲኤክስ ያለ የለም» ወደሚለው ፍርድ እንመለስ። በቅድሚያ ዲኤክስ የመኪናው ሞዴል ስም ሳይሆን «ዴሉክስ» የሚለውን ቃል አሳጥሮ የሚያሳይ የደረጃ ምልክት ነው። ሕዝቡ ግን በ1980ዎቹ ለተሠሩት ኮሮላዎች መጠሪያ አድርጎታል።

አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ 2355 ሜትር ላይ ትገኛለች። በዚህ ከፍታ የአየር ግፊት በባሕር ዳርቻ ካለው ሦስት አራተኛ ያህል፣ የአየር እፍግታ ደግሞ 79 በመቶ ያህል ነው። ስለዚህ ማንኛውም ተርቦ የሌለው የቤንዚን ሞተር ከጉልበቱ አንድ አምስተኛ ያህሉን ገና ሲነሣ ያጣል። ይህ ዲኤክስንም 1ኤንዜድንም እኩል ይመለከታል።

ልዩነቱ በሚቀጥለው ላይ ነው። ካርቡራተር ቤንዚን የሚስበው አየር በጠባብ ጉሮሮ ውስጥ ሲያልፍ በሚፈጠረው የግፊት ልዩነት ነው። የሚያልፈው አየር ክብደት ከእፍግታው ጋር እኩል ሲቀንስ፣ የሚሳበው ቤንዚን ግን የሚቀንሰው በእፍግታው ስኩዌር ሩት ልክ ነው። የ0.79 ስኩዌር ሩት 0.89 ነው። እንግዲህ በባሕር ዳርቻ ለአንድ ኪሎ ቤንዚን 14.7 ኪሎ አየር እንዲያገኝ የተስተካከለ ካርቡራተር አዲስ አበባ ላይ የሚያገኘው 13.1 ኪሎ ያህል ብቻ ይሆናል። ትርፉ ቤንዚን በሙሉ ስለማይቃጠል ካንዴላው ይጠቁራል፤ ካርቦን ሞኖክሳይድ በማርሚታው ይወጣል። መካኒኩ ለአዲስ አበባ ቢያስተካክለው እንኳ፣ መኪናው ወደ ስምጥ ሸለቆው ወርዶ ቆሼና ባቱ ሲደርስ ልኩ እንደገና ይዛባል። የነዳጅ መርጫ ያለው ሞተር ግን የሚገባውን አየር በሴንሰር እየለካ ቤንዚኑን ያመጣጥናል። በዚህ ረገድ ዲኤክስ ተሸናፊ ነው።

በአደጋ ጊዜ ተሳፋሪን በመከላከል ረገድም እንዲሁ ነው። የ1980ዎቹ ኮሮላ የአየር ከረጢት የለውም፤ የአካሉ አሠራርም ከዛሬው የግጭት መመዘኛ በፊት የነበረ ነው። «ብረቱ ወፍራም ስለሆነ ይከላከላል» የሚለው እምነት የፊዚክስ ድጋፍ የለውም። የግጭትን ጉልበት የሚቀንሰው በተጠና መንገድ የሚጨማደድ አካል ነው። አካሉ ካልተጨማደደ የግጭቱ ጉልበት ወደ ተሳፋሪው ይደርሳል።

«ታዲያ ለምን እስካሁን ይሄዳሉ?» የሚል ጥያቄ መነሣቱ አይቀርም። አንደኛ፣ ዛሬ የምናያቸው የተረፉትን ብቻ ነው። የወደቁት ተበልተው ለሌሎች መለዋወጫ ሆነዋል። ሁለተኛ፣ ለመተካት የሚጠይቀው ዋጋ ከባድ ነው። እ.ኤ.አ. በ2020 የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ ቁጥር 1186/2012 በአሮጌ መኪኖች ላይ እስከ 500 በመቶ ግብር ጥሏል። እንዲህ በሆነ ጊዜ ባለቤቱ የያዘውን እየጠገነ ይኖራል እንጂ ሌላ ምርጫ የለውም። ሦስተኛው ምክንያት ግን እውነተኛ ምስጋና የሚገባው ነው፤ መኪናው ሊጠገን የሚችል መሆኑ።

የቆሼ ፈተና

ቆሼ ከቡታጅራ ወደ ባቱ በሚወስደው መንገድ ላይ የምትገኝ፣ በበርበሬው ስሙ የታወቀው የማረቆ ማዕከል ናት። እንዲህ ባለች ከተማ መኪና የቅንጦት ዕቃ አይደለም። አንድ ቤተሰብ የዓመታት ቁጠባውን፣ አንዳንዴም የዘመድ ብድር ጨምሮ የሚያፈስበት የእንጀራ ገመድ ነው። መኪናው ሲቆም ገቢው ይቆማል።

ኮሮላ እንዲህ ባሉ ከተሞች የኖረው በጃፓናውያን ጥበብ ብቻ አይደለም። ከአዲስ አበባ ሶማሌ ተራ በሚኒባስ የሚላክ መለዋወጫ፣ የሞተሩን ድምፅ ሰምቶ ሕመሙን የሚናገር መካኒክ፣ ከመካኒኩ ሥር ሆኖ ቁልፍ እያቀበለ የሚማር ልጅ እግር ረዳት ይህን መኪና አኑረውታል። ካንዴላ፣ ፍሪሲዮን፣ ካምቢዮ፣ ሞላ የሚሉት ቃላት ከጣሊያንኛ የመጡ ናቸው፤ መኪናው ጃፓናዊ ነው፤ ዕውቀቱ ግን ከጊዜ ብዛት የእኛ ሆኗል። ይህ ዕውቀት በመጽሐፍ ያልተጻፈ፣ በዲፕሎማ ያልተመሰከረ፣ ነገር ግን ብዙ ቤተሰብ የሚያስተዳድር ሀብት ነው።

እ.ኤ.አ. በጥር 2024 መንግሥት ኤሌክትሪክ ያልሆኑ የቤት መኪኖች ወደ አገር እንዳይገቡ መወሰኑን አስታውቋል። በፊዚክስ ዓይን ሲታይ ሐሳቡ የሚደገፍ ነው። የኤሌክትሪክ ሞተር የሚያገኘውን ኃይል 90 በመቶ ያህሉን ወደ እንቅስቃሴ ሲለውጥ የቤንዚን ሞተር ከሩብ እጅግም አያልፍም። የኤሌክትሪክ ሞተር አየር ስለማይተነፍስ ከፍታ ጉልበቱን አይቀንሰውም። ኤሌክትሪኩንም ከራሳችን ወንዞች እናገኛለን፤ ታላቁ የሕዳሴ ግድብ በ2025 ተመርቋል። ቤንዚን ግን በውጭ ምንዛሪ የምንገዛው ነው።

ይሁን እንጂ የመኪናው ብቃት ብቻውን በቂ አይደለም። ወደ አገራችን ከገቡት የኤሌክትሪክ መኪኖች በርካታዎቹ ለቻይና ገበያ ታስበው የተሠሩ፣ የማሳያ ሰሌዳቸውም በቻይንኛ የሚናገር ነው። የባትሪያቸው ቮልቴጅ በመቶዎች የሚቆጠር በመሆኑ ያለ ሥልጠና የሚነካቸው ሰው ሕይወቱን ሊያጣ ይችላል። ብልሽታቸው በጆሮ የሚሰማ ሳይሆን በኮምፒዩተር የሚነበብ ነው። እንዲህ ያለ መኪና ቆሼ ላይ ቢቆም ማን ይጠግነዋል? መልሱ «አዲስ አበባ ይጎተት» የሚል ከሆነ፣ ለገጠሩ ከተማ ነዋሪ መኪናው ገና አልደረሰም ማለት ነው። ልጅ እግሩ ረዳትም የሚማርበት ሥራ አጣ ማለት ነው።

ስለዚህ ሦስት ነገሮች ሊታሰቡ ይገባል እንላለን። አንደኛ፣ መኪና አስመጪዎች የጥገና መመሪያውን፣ የመመርመሪያ መሣሪያውንና ዋና ዋና መለዋወጫዎችን ለገለልተኛ ጋራዦች ጭምር በተመጣጣኝ ዋጋ እንዲያቀርቡ ግዴታ ይጣልባቸው። ሁለተኛ፣ ዩኒቨርሲቲዎችና የቴክኒክና ሙያ ኮሌጆች በሥራ ላይ ላሉት መካኒኮች የከፍተኛ ቮልቴጅ ጥንቃቄና የባትሪ ጥገና አጫጭር ሥልጠናዎችን ወደ ወረዳ ከተሞች ወርደው ይስጡ። ሦስተኛ፣ በመንገድ ላይ ያሉት አሮጌ መኪኖች በዕድሜያቸው ብቻ አይመዘኑ። በየዓመቱ ለቦሎ በሚደረገው ምርመራ የጭሳቸው ይዘትና የፍሬናቸው ብቃት በመሣሪያ ይለካ። በሚገባ የተያዘ የሃያ ዓመት መኪና ካልተያዘ የአሥር ዓመት መኪና ሊሻል ይችላልና።

ይህ ሁሉ ወጪ የሚጠይቅ ነው የሚል ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። እውነት ነው፤ ይጠይቃል። ነገር ግን ባለመሠልጠን የሚደርሰው አደጋ፣ ባትሪው በመበላሸቱ ብቻ የሚጣለው መኪና፣ ከሥራ የሚወጣው መካኒክም ወጪ ናቸው፤ ልዩነቱ በማንም መዝገብ ላይ አለመጻፋቸው ነው።

ውድ ተማሪዎች፣ በአቅራቢያችሁ ካለ ጋራዥ ያረጀ የኬ ሞተር ፒስተን ብታገኙ ወርዱን በማስመሪያ ለኩ፤ ወደ 75 ሚሊ ሜትር ታገኛላችሁ። ከዚያ መካኒኩን ስለ ሥራው ጠይቁት፤ እሱ በእጁ የሚያውቀውን እናንተ በቀመር ልትገልጹለት፣ እናንተ በቀመር የምታውቁትን ደግሞ እሱ ሊያሳያችሁ ይችላል። ነገ መሐንዲስ፣ አስመጪ ወይም ሕግ አውጪ ስትሆኑ ደግሞ አዲስ መኪና በቀረበላችሁ ቁጥር ዋጋውንና ፍጥነቱን ከመጠየቃችሁ በፊት «ቆሼ ላይ ይጠገናል ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ።