ያልጠየቅነው ጥያቄ

የዘጠነኛ ክፍል የሒሳብ መምህራችን ከኬረላ የመጡ ህንዳዊ ነበሩ። በእረፍት ሰዓት ሻያቸውን ይዘው ከመምህራን ማረፊያው ደጃፍ ይቀመጡና ከኮት ኪሳቸው ሽፋኑ የተላጠ ትንሽ መጽሐፍ ያወጣሉ። ፊደሉ ክብ ክብ ነው፤ ከሩቅ ሲያዩት ገጹ ሙሉ ቀለበት የተደረደረበት ይመስላል። ጣታቸውን በመስመሩ ላይ እያስኬዱ፣ ከንፈራቸውን እያንቀሳቀሱ ያነባሉ፤ ልክ አያቴ ዳዊት ሲደግሙ እንደሚያደርጉት። እኒያ ሰው አራት ዓመት አስተማሩን። «ቲቸር፣ ምንድን ነው የሚያነቡት?» ብሎ የጠየቃቸው ተማሪ ግን አላስታውስም። እኔም አልጠየቅኳቸውም።

ብዙዎቻችን እንዲህ ያለ መምህር ነበረን። በንጉሡ ዘመን ህንዳውያን መምህራን በየጠቅላይ ግዛቱ ተሰማርተው አባቶቻችንንና እናቶቻችንን አስተምረዋል። በኋላ መርካቶ፣ ሲኒማ ራስ ደጃፍ ተሰልፈን፣ ቃሉ ሳይገባን የህንድን ዘፈን በቃላችን ይዘን አደግን። ዛሬ ልጆቻችን በአማርኛ ድምፅ የተመለሰ የህንድ ድራማ በየምሽቱ ያያሉ። ፑኔና ቻንዲጋር ተምሮ ዲግሪውን ይዞ የተመለሰውም ወጣት ጥቂት አይደለም። ይህን ያህል ቀርበናቸው መጻሕፍታቸውን ግን እምብዛም አልዳሰስንም። የደረሰን ካለም በእንግሊዝኛ በኩል ዞሮ፣ ተቆራርጦ፣ የስኬት ምክር ሆኖ ነው።

አባቶቻችን ከዚህ የተሻለ ሥራ ሠርተዋል። እ.ኤ.አ. በ1553፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ የደብረ ሊባኖሱ እጨጌ አባ እንባቆም «በረላም ወይዋሴፍ» የተባለውን መጽሐፍ ከዐረብኛ ወደ ግዕዝ መለሱ። ንጉሥ አባቱ ሕመምና ሞት እንዳያይ አጥሮ ያሳደገው ልዑል፣ አንድ ቀን ወጥቶ የሰውን ድካም ያያል፤ ዘውዱንም ትቶ ይመንናል። ታሪኩ ከሥሩ የቡድሃ ነው። ከህንድ ተነሥቶ ስንት ቋንቋ አቋርጦ፣ የክርስቲያን ገድል ሆኖ ነው እኛ ዘንድ የደረሰው። የልዑሉ ስም ራሱ መንገዱን ይናገራል። ቡድሃ ከመሆኑ በፊት የሚጠራበት «ቦዲሳትቫ» የሚለው ማዕረግ በዐረብኛ «ቡዳሳፍ» ሆነ። በዐረብኛ አጻጻፍ በቃል መነሻ ላይ «ብ» ከሥሯ አንድ ነጥብ አላት፤ ያችው ቅርጽ ሁለት ነጥብ ሲኖራት «ይ» ትሆናለች። አንድ ነጥብ በስሕተት ተጨመረችና «ዩዳሳፍ» ተባለ፤ ግሪኮቹ ዮአሳፍ አሉት፣ የእኛ ሊቃውንት ይዋሴፍ። በዚያች አንዲት ነጥብ ውስጥ የስንት ጸሐፊ እጅ፣ የስንት መንገደኛ ስንቅ እንዳለ ሳስብ ያመኛል። እነዚያ ሰዎች በግመልና በጀልባ ያን ያህል ሲደክሙ እኛ በአውሮፕላን ደርሰን ባዶ እጃችንን ተመለስን።

ለዚህ ሥራ አብነት የሚሆነን ሰው እዚያው ህንድ አለ። ኡ. ቬ. ስዋሚናታ አይየር ይባላል፤ እ.ኤ.አ. በ1855 የተወለደ የታሚል ሊቅ ነው። በሃያ አምስት ዓመቱ፣ ኩምባኮናም በምትባል ከተማ መምህር ሳለ፣ አዲስ ከተሾመ አንድ ዳኛ ጋር ተገናኘ። ዳኛው ምን ምን እንደ ተማረ ጠየቀው። አይየር የተማራቸውን መጻሕፍት እየኮራ ዘረዘረ። ዳኛው በዝርዝሩ አልተደነቀም፤ «የጥንቶቹንስ?» አለው። አይየር የጥንቶቹን እንኳን ሊያነብ አይቷቸውም አያውቅም ነበር።

ከዚያች ጥያቄ በኋላ ሰውየው ዕድሜውን ሙሉ በየመንደሩ ዞረ። በዚያን ጊዜ የታሚል ጥንታዊ ግጥሞች በየሰው ቤት ጣሪያ ሥር፣ በዘንባባ ቅጠል ላይ እንደ ተጻፉ ይበሰብሱ ነበር። ቅጠሉ ላይ በቀለም አይጻፍም፤ በሹል ብረት ይቀረጽና ጥላሸት ሲታሸበት ፊደሉ ይወጣል። ቅጠሎቹ ተበስተው በገመድ ይታሰሩና በሁለት ጣውላ መካከል ይቀመጣሉ። ነፍሳት ይበላቸዋል፣ እርጥበት ያፈራርሳቸዋል፤ ስለዚህ በየዘመኑ የሚገለብጣቸው ሰው ከሌለ ይጠፋሉ። ገልባጭ ሲጠፋ አሮጌውን ክምር ወንዝ ውስጥ የሚጥል፣ እሳት ውስጥ የሚጨምርም ነበር። አይየር የተረፈውን ለመነ፣ ገለበጠ፣ አንዱን ከሌላው አስተያየ፣ አሳተመ። እኒያ መምህሬ የሚያነቡትም ክብ ፊደል ከዚሁ ቅጠል የመጣ ነው ይባላል፤ ቀጥ ያለ መስመር ቅጠሉን ስለሚሰነጥቀው ጸሐፊዎቹ ማጠፍን መረጡ።

«የሌላ ሃይማኖት መጽሐፍ ለምን?» የሚለኝ ወዳጅ አለኝ፤ ሥጋቱን አልንቅም። መልሴ ግን ይኸው አይየር ነው። እሱ ሺቫን የሚያመልክ ብራህማን ነበር። እ.ኤ.አ. በ1887 ያሳተመው «ሲቫካ ቺንታማኒ» ግን የሌላ የህንድ ሃይማኖት፣ የጃይን ምእመናን መጽሐፍ ነው። ያልገባውን ሁሉ ለመጠየቅ እዚያው ኩምባኮናም ያሉትን ጃይኖች ደጅ ጠና፤ እምነቱንም አልተወም። በኋላ የቡድሂስቶቹን «ማኒሜካላይ» አሳተመ። የእኛዎቹስ የአረማውያን ፈላስፎችን ቃል በ«አንጋረ ፈላስፋ» ወደ ግዕዝ መልሰው በየገዳሙ አላነበቡም?

አሁን የቅኔ ሊቃውንትን ለይቼ ልጥራ፤ ከሁሉም በላይ ይህ ጉዳይ የእናንተ ነውና። በ9ኛው ክፍለ ዘመን ካሽሚር ውስጥ አናንዳቫርዳና የሚባል ሊቅ ነበር። የግጥም ነፍሱ በቃሉ ላይ ያለው ትርጉም አይደለም፣ ከቃሉ በስተጀርባ የሚያስተጋባው ነው ብሎ አስተማረ። የሳንስክሪት መምህራን ለተማሪዎቻቸው የሚሰጡት ምሳሌ አለ፦ «ጋንጋ ላይ ያለች መንደር»። መንደር በወንዝ ውኃ ላይ አይቆምም፤ ስለዚህ ዳር ማለቱ ነው። ታዲያ ለምን «ዳር» አላለም? ቅዝቃዜውንና ቅድስናውን ሊያሰማን ፈልጎ ነዋ። ይህን የሰማ የጎንጅ ወይም የዋሸራ ተማሪ «ሰምና ወርቅ ነው!» ይላል። አንድ ዓይነት ባይሆኑም ዝምድናቸውን መመርመር ያጓጓል። ሌላም ላክል፤ በ12ኛው ክፍለ ዘመን ካቪራጃ የሚባል ባለቅኔ አንድ ረጅም መጽሐፍ ደረሰ። ያንኑ ቃል በአንድ መንገድ ከፍለህ ስታነበው የራማያና ታሪክ ነው፤ በሌላ መንገድ ስትከፍለው የማሃባራታ፤ ሁለቱም የህንድ ታላላቅ የጀግንነት ግጥሞች ናቸው። ይህም የሚሆነው ከስንኝ እስከ ስንኝ፣ መጽሐፉ እስኪያልቅ ድረስ ነው! ይህን ለማድነቅ ከእኛ የቅኔ ቤት ልጅ የቀረበ አንባቢ የት ይገኛል? ፈረንጅ በግርጌ ማስታወሻ የሚያስረዳውን እናንተ በጆሯችሁ ትሰሙታላችሁ።

ሥዕሉንና ሕንፃውንም አንርሳ። ማሊክ አምባር ከዚህ ምድር በባርነት ተሽጦ ሄዶ የህንዱ ዴካን ጦር መሪና ገዥ የሆነ ሰው ነው፤ እ.ኤ.አ. በ1626 ሞተ። ሠዓሊዎቹ የሳሉት መልኩ እስከ ዛሬ በየሙዚየሙ አለ። አህመዳባድ ውስጥ ሲዲ ሰይድ የተባለ ሐበሻ ያሠራው መስጊድ አለ። በመስኮቱ ድንጋይ ላይ የተፈለፈለው ዛፍ ቅርንጫፉ እርስ በርሱ የተጠላለፈ፣ እንደ ጥልፍ የረቀቀ ነው፤ ከተማዋ ዛሬም ምልክቴ ትለዋለች። ስለዚህ ሁሉ የተጻፈውን ልጆቻችን በአማርኛ ማንበብ አለባቸው።

እንግዲህ ጥሪዬ ይህ ነው። ህንድ የተማራችሁ፣ ሂንዲም ይሁን ማራቲ፣ ታሚልም ይሁን ማላያላም ያወቃችሁ፣ ቋንቋው ከአፋችሁ ሳይጠፋ አንድ መጽሐፍ ምረጡ። የእንግሊዝኛውን ትርጉም ለመመሳከሪያ ያዙት፣ ምንጭ ግን አታድርጉት። የቤንጋሊው ባለቅኔ ታጎር እንኳ «ጊታንጃሊ»ን ራሱ ወደ እንግሊዝኛ ሲመልሰው ከቤንጋሊው የተለየ መጽሐፍ ነው ያደረገው፤ እ.ኤ.አ. በ1913 ኖቤል ያገኘውም በእንግሊዝኛው በኩል ነው። የቅኔ መምህራን፣ ተርጓሚውን ደጃችሁ ሲመጣ አስቀምጡት። አሳታሚዎች፣ ቶሎ ላይሸጥ ቢችልም ከዓመት አንድ መጽሐፍ እንኳ ለዚህ ለዩ። በዕድሜ የገፋችሁ፣ ከህንዳውያን መምህሮቻችሁ የቀረ መጽሐፍ ወይም ደብዳቤ በሣጥናችሁ ካለ አውጡት፤ ልጆቻችሁ ምን እንደ ሆነ ሳያውቁ እንዳይጥሉት። ወጣቶች ደግሞ ጠይቁ። እኛ ያሳለፍነውን ዕድል እናንተ አታሳልፉት።

እኛ ጀምረናል። ቅዳሜ ቅዳሜ ሦስት ሰዎች ተገናኝተን የሂንዱዎችን ቅዱስ መጽሐፍ ባጋቫድ ጊታን እናነባለን፤ ፑኔ ስድስት ዓመት የተማረና እዚያው ሳንስክሪት የጀመረ ወዳጄ፣ አንድ የቅኔ መምህር፣ እኔ ደግሞ ጸሐፊ ሆኜ። የመጀመሪያውን ቀን ሙሉ የበላን መጽሐፉ የሚከፈትበት ቃል ነው፦ ዳርማ። ወዳጄ «ሕግ» አለ፤ ወዲያው ደግሞ «ግዴታ» አለ፤ «ሥርዓት» ብሎ ሞከረና ሁሉንም ሰረዘ። የኔታ ዝም ብለው ሲያዳምጡ ቆዩና «ሥሩስ ምንድን ነው?» አሉ።

«መያዝ፣ መደገፍ።»

«እንዲያ ከሆነ ጾረ ሊሆን ነው። ተሸከመ።» ትንሽ አሰቡ። «ሰው የሚሸከመው ነው ወይስ ሰውን የሚሸከመው?»

ወዳጄ ለመመለስ ጊዜ ወሰደበት። «ሁለቱንም ይመስለኛል» አለ በመጨረሻ።

የኔታ ብዕሬን ተቀብለው ቃሉን በራሳቸው እጅ ጻፉት፤ ከጎኑም የጥያቄ ምልክት አደረጉበትና ለሚቀጥለው ሳምንት አሳደርነው። ሁለት ወንበር ትርፍ አለን። ቅዳሜ ከዘጠኝ ሰዓት ጀምሮ እናነባለን።